የደረጃ እድገት ቅሬታችሁ መልስ ሲያጣ፦ ከመዝገብ ቤት እስከ ችሎት

የደረጃ እድገት ተወዳድሮ የተረታ ሠራተኛ ቢያንስ አንድ ወረቀት ይይዛል። ይግባኝ ሊልበት ይችላል። ቅሬታ አስገብቶ «እየታየ ነው» የሚባለው ሠራተኛ ግን ምንም የሚይዘው የለም። ወራት ያልፋሉ፣ መደቡ ላይ ሌላ ሰው ሠርቶ ይለመዳል፣ የቅሬታ ኮሚቴው አባላት ይቀያየራሉ፣ በመጨረሻም «ጊዜው አልፏል» የሚል ቃል ይመጣል። በዚህ መንገድ ያለፍሁ በመሆኔ፣ ጎንደር ውስጥ በመንግሥት መሥሪያ ቤት የምትሠሩ ወንድሞቼና እህቶቼ ዝም ስትባሉ ምን ማድረግ እንደምትችሉ በቅደም ተከተል ልጽፍላችሁ ፈለግሁ። ሁሉም ነገር የሚያርፈው አንድ ሥራ ላይ ነው፤ ዝምታውን ዳኛ ሊያየው የሚችል ማስረጃ ማድረግ።

ከሁሉ በፊት የትኛው ሕግ እንደሚገዛችሁ ለዩ። አንድ ከተማ ውስጥ ብንኖርም መንገዳችን አንድ አይደለም። በከተማ አስተዳደሩ፣ በክፍለ ከተማ፣ በዞን መምሪያ፣ በክልሉ ትምህርት ቤትና ጤና ጣቢያ የምትሠሩ በአማራ ክልል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 253/2010 ትተዳደራላችሁ። በዩኒቨርሲቲው የአስተዳደር ሠራተኞች ወይም የሌላ ፌዴራል መሥሪያ ቤት ቅርንጫፍ ሠራተኞች ከሆናችሁ የምትዳኙት በፌዴራሉ አዋጅ ነው። እሱም ለዓመታት 1064/2010 ነበር፤ በ2017 በአዲስ አዋጅ ስለተተካ የእናንተ ጉዳይ በተነሣበት ቀን በሥራ ላይ የነበረው የትኛው እንደሆነ አረጋግጡ። የዩኒቨርሲቲ መምህራን የማዕረግ እድገት ደግሞ በሴኔት ሕጉ ይሄዳል። ባንክና ቴሌ፣ መብራት ኃይልም ጭምር፣ የመንግሥት ቢሆኑም የልማት ድርጅት ስለሆኑ ሠራተኞቻቸው በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው የሚሄዱት፤ እነሱ ከዚህ በታች ያለውን የአስተዳደር ፍርድ ቤት መንገድ አይከተሉም። በማመልከቻ ላይ የተሳሳተ አዋጅ መጥቀስ ብቻውን ጉዳይ አይገድልም፤ የተሳሳተ ቦታ መሄድ ግን ቀን ይበላል፣ የሚበላው ቀን ደግሞ ከይግባኝ ጊዜያችሁ ላይ ነው።

ውጤቱ በተለጠፈ ቀን ሥራችሁ ማስረጃ መሰብሰብ ነው። የክፍት መደቡ ማስታወቂያ ከሰሌዳ ሳይነሣ በስልካችሁ ፎቶ አንሡት፤ ቀኑ፣ ማኅተሙና የመደብ መታወቂያ ቁጥሩ ጎልቶ ይታይ። ውጤቱ የተለጠፈበትንም እንዲሁ። ቀጥሎ የራሳችሁን ማኅደር አስከፍታችሁ እዩ። ያስገባችሁት የሥራ ልምድ ደብዳቤ ከገጽ ቁጥር ጋር መያያዙን፣ የመጨረሻዎቹ የሥራ አፈጻጸም ምዘናዎች በኃላፊና በእናንተ መፈረማቸውን፣ የትምህርት ማስረጃው መኖሩን ተመልከቱ። ከማኅደር የወጣ ወረቀት ካለ ቅሬታው የሚጀምረው ከዚያ ነው።

ቅሬታው ሲጻፍ ብዙ ሰው ስለ በደሉ ብዛት ይጽፋል። ኮሚቴም ዳኛም የሚፈልገው መመዘኛውንና ልዩነቱን ነው። ለምሳሌ ማስታወቂያው ለጽሑፍ ፈተና 50 ነጥብ ብሎ ኮሚቴው ከ40 ቢያሰላ፣ ማለት ያለባችሁ «አድልዎ ተፈጽሞብኛል» ሳይሆን «በማስታወቂያ ቁጥር እንዲህ ለጽሑፍ ፈተና 50 ነጥብ የተያዘ ሲሆን ውጤቴ የተሰላው ከ40 ነው፤ በማስታወቂያው መሠረት ቢሰላ ድምሩ ይህን ያህል ይሆናል» ነው። የማይቆጠር የሥራ ልምድ ለሌላው ተቆጥሮለት ከሆነም በዓመትና በወር አስቀምጡት። «ሙሰኛ»፣ «ዘረኛ» የሚሉ ቃላት አታስገቡ፤ ማስረጃ የሌለው ስድብ እናንተን በዲሲፕሊን ወይም በስም ማጥፋት ያስከስሳል፣ ዋናውንም ነገር ይሸፍነዋል። መጨረሻው ላይ የምትፈልጉትን በግልጽ ጻፉ፦ ውጤቴ እንደገና ይሰላ፣ ቃለ ጉባኤው ይታይ፣ ውሳኔው በጽሑፍ ይሰጠኝ።

አሁን ወደ መዝገብ ቤት። ይህን ክፍል አጥብቃችሁ ያዙ፤ ፍርድ ቤት ስትደርሱ ከሁሉ በላይ የሚያስፈልጋችሁ እዚህ የሚገኘው ወረቀት ነው። ማመልከቻውን በሁለት ቅጂ አዘጋጁ። አንዱን ስታስገቡ በሌላው ላይ «ገቢ» የሚል ማኅተም፣ የገቢ ቁጥር፣ ቀን፣ የተቀባይ ስምና ፊርማ ይደረግላችሁ። «እዚህ ጠረጴዛ ላይ ተወው፣ እኔ አስገባዋለሁ» የሚል ሰው ክፉ ላይሆን ይችላል፤ ነገር ግን ቁጥር የሌለው ማመልከቻ አልገባም ማለት ነው። አባሪ ካለ «አባሪ 7 ገጽ» ብላችሁ በማመልከቻው ፊት ላይ ጻፉ፤ አለዚያ በኋላ «አባሪ አልነበረውም» ይባላል። መዝገብ ቤቱ አልቀበልም ካለ በሪኮማንዴ ፖስታ ላኩት፣ ደረሰኙንም ያዙ።

የቅሬታ ማቅረቢያ ጊዜ አጭር ነው። በአዋጁና በቅሬታ አቀራረብ ደንቡ ወይም መመሪያው ላይ የተቀመጠውን ቀን አንብቡ፣ የሥራ ቀን ይሁን የቀን መቁጠሪያ ቀን ለዩ፣ ከዚያም ውጤቱን ካወቃችሁበት ቀን ጀምራችሁ ቁጠሩ። ኮሚቴው መርምሮ የውሳኔ ሐሳብ የሚያቀርብበት፣ የበላይ ኃላፊው የሚወስንበትም ቀን እዚያው አለ። እነዚህን ቀኖች በአንድ ወረቀት ላይ ጽፋችሁ አስቀምጡ። ኮሚቴው የውሳኔ ሐሳብ ነው የሚያቀርበው፤ የሚወስነው የበላይ ኃላፊው ነው። ስለዚህ የኮሚቴው ሰብሳቢ «ለአንተ ወስነናል» ቢላችሁ ገና ምንም አልተወሰነም።

ቀኑ ሲያልፍና መልስ ሲጠፋ አስታዋሽ ደብዳቤ ለበላይ ኃላፊው ይጻፋል። አጭር ይሁን፤ የመጀመሪያውን ማመልከቻ ገቢ ቁጥርና ቀን ጠቅሳችሁ፣ በሕጉ መሠረት መወሰን የነበረበት ቀን ማለፉን ገልጻችሁ፣ ውሳኔው በጽሑፍ እንዲሰጣችሁ ጠይቁ። ግልባጩን ለሰው ሀብት አስተዳደሩና ከበላይ ላለው ለሲቪል ሰርቪስ አካል አድርጉ። ይህም ገቢ ቁጥር ይኑረው። ሁለት እንዲህ ያለ ደብዳቤ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ መጻፍ ለራስ ማጽናኛ ካልሆነ ጉዳዩን አያጠነክርም። በየሳምንቱ ቢሮ እየሄዱ በቃል መጠየቅ ደግሞ ለይግባኝ ጊዜ አንድም ቀን አይጨምርም። በደግ ኃላፊ ደግ ቃል ተማምኖ ቀኑን ያሳለፈ ሰው ብዙ ነው።

በዚህ መካከል ቃለ ጉባኤውንና የነጥብ ሰንጠረዡን ለማግኘት ሌላ መንገድ አለ፤ የማይጠቀምበት ግን ብዙ ነው። የመገናኛ ብዙኃንና የመረጃ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 590/2000 ማንኛውም ሰው ከመንግሥት አካል መረጃ የመጠየቅ መብት ይሰጣል፤ መሥሪያ ቤቱም በተቻለ ፍጥነት፣ ቢዘገይ በ30 ቀን ውስጥ መመለስ አለበት። ጥያቄው የሚቀርበው ለሕዝብ ግንኙነት ኃላፊው ነው። «መረጃ ስጡኝ» ብቻ አትበሉ፤ «በዚህ የመደብ መታወቂያ ቁጥር የተደረገው ውድድር ቃለ ጉባኤ፣ የነጥብ ማወዳደሪያ ሰንጠረዥ እና የእኔ የፈተና ወረቀት» ብላችሁ ለይታችሁ ጠይቁ። የሌሎቹን ተወዳዳሪዎች የግል መረጃ ሊሸፍኑት ይችላሉ፤ ነጥባቸው ከታየ ይበቃችኋል። እምቢ ቢሉ እምቢታው ራሱ በችሎት ይጠቅማል።

የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም አለ፤ ለእኛ ቅርቡ ቅርንጫፍ ባሕር ዳር ነው። አቤቱታ ማቅረብ በነፃ ነው፣ በቃልም ይቀበላሉ፤ ግን አስቀድማችሁ በመሥሪያ ቤታችሁ አመልክታችሁ መሆን አለበት። የአስተዳደር በደል መኖሩን አጣርቶ የመፍትሔ ሐሳብ ይሰጣል፤ ለመዘግየት በተለይ ይጠቅማል፣ ምክንያቱም ዝም ያለ ኃላፊ ከውጭ ደብዳቤ ሲደርሰው ማኅደሩን ያወጣል። ሁለት ነገር ግን እወቁ። እዚያ ማመልከት የይግባኝ ጊዜያችሁን አያቆምም። ጉዳዩ በፍርድ ቤት ከተያዘ ደግሞ ተቋሙ አይመረምረውም። ስለዚህ ቀን እያላችሁ ሞክሩት፣ ቀናችሁ ሊያልቅ ከተቃረበ ወደ ዳኝነቱ ሂዱ።

ዳኝነቱ በመጀመሪያ የመንግሥት ሠራተኞች የአስተዳደር ፍርድ ቤት ነው። ይህ ፍርድ ቤት እንደ መደበኛው ማንኛውንም ክርክር አያይም፤ የሚያያቸው ጉዳዮች በአዋጁ ተዘርዝረው የተሰጡት ብቻ ናቸው። ከሥራ መሰናበት፣ ከባድ የዲሲፕሊን ቅጣት፣ ያለአግባብ የደመወዝ መቆረጥ የመሳሰሉት ግልጽ ናቸው። የደረጃ እድገት ሲሆን ግን የሥልጣን አንቀጹን ፊደል በፊደል አንብባችሁ ጉዳያችሁ በየትኛው ንዑስ አንቀጽ እንደሚገባ በይግባኙ መግቢያ ላይ ጻፉ። «ሥልጣን የለኝም» ቢላችሁ አትደንግጡ፤ ያንን በጽሑፍ ተቀበሉ። ያ ውሳኔ ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት ስትሄዱ «መጀመሪያ አስተዳደር ፍርድ ቤት መሄድ ነበረባት» ለሚለው መቃወሚያ መልሳችሁ ነው። ከአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ውሳኔ ላይ የሚባል ይግባኝ በፍሬ ነገር ሳይሆን በሕግ ስሕተት ላይ ነው፤ ጊዜውም በራሱ አዋጅ የተወሰነ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 323 ያለው የ60 ቀን ጊዜ ለእናንተም የሚሠራ መስሏችሁ እንዳትቀመጡ።

መደበኛ ፍርድ ቤት ስትገቡ መነሻችሁ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ነው፤ ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው ሌላ አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት አለው። ሴቶች ከሆናችሁ በእድገት እኩልነትን በስሙ የሚጠቅሰውን የአንቀጽ 35 ንዑስ አንቀጽ 8ንም ጨምሩ። የፌዴራል መሥሪያ ቤት ሠራተኞች በተጨማሪ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012ን ከነተፈጻሚነት ወሰኑ አንብቡ። የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍና በምክንያት እንዲሆን ያስገድዳል፣ በፍርድ ቤት የሚደረግ ክለሳንም ይፈቅዳል፤ ግን በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያለውን የቅሬታ መንገድ አስቀድማችሁ እንድትጨርሱ ይፈልጋል። ክለሳውን የሚያየው የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። አማራ ክልል ውስጥ ደግሞ የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤትን ሥልጣን በሕገ መንግሥቱ ውክልና የሚሠራው ባሕር ዳር ያለው የክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ነው። አዲስ አበባ መሄድ አለብን ብላችሁ ስንቅ ከመቋጠራችሁ በፊት ይህን እወቁ። 1183/2012 ለክልል መሥሪያ ቤቶች አይሠራም፤ የከተማ አስተዳደሩ ሠራተኛ እሱን መሠረት አድርጎ ቢከስ መዝገቡ ይዘጋበታል።

የሚጠየቀው ዳኝነት ላይ ብዙ ጉዳይ ይበላሻል። ኃላፊው ገና ያልወሰነበትን ቅሬታ ይዛችሁ «መደቡ ለእኔ ይሰጠኝ» ብትሉ፣ ዳኛው በአስተዳደሩ ቦታ ተተክቶ ሹመት እንዲሰጥ እየጠየቃችሁት ነው፤ በቀላሉ አይቀበለውም። የሚያስኬደው እንዲህ ያለው ነው፦ «ተጠሪ መሥሪያ ቤት በቀን እንዲህ በገቢ ቁጥር እንዲህ ላቀረብሁት ቅሬታ በሕጉ በተወሰነው ጊዜ ውሳኔ ያልሰጠ በመሆኑ፣ ፍርድ ቤቱ በሚወስነው አጭር ቀን ውስጥ ምክንያቱን ገልጾ በጽሑፍ እንዲወስን እንዲታዘዝልኝ፤ የውድድሩን ቃለ ጉባኤና የነጥብ ሰንጠረዥ እንዲያቀርብ እንዲታዘዝልኝ፤ ወጪና ኪሣራ እንዲተካልኝ።» ውሳኔው ከተሰጠና ስሕተቱ ከታየ ደግሞ «የውድድሩ ውጤት ተሽሮ በማስታወቂያው መመዘኛ መሠረት እንደገና ይሠራ» ይባላል። እዚህ ላይ መምህራንና የጤና ባለሙያዎች ልዩነት አላችሁ። በእድገት መሰላል ከመለስተኛ መምህር ወደ መምህር፣ ከመምህር ወደ ከፍተኛ መምህር የሚደረገው ሽግግር ለአንድ ክፍት መደብ መወዳደር አይደለም፤ የአገልግሎት ዓመቱንና የምዘና ውጤቱን ያሟላ ሁሉ የሚያልፍበት ነው። የሚወሰድባችሁ የሌላ ሰው ቦታ ስለሌለ እድገቱ ካሟላችሁበት ቀን ጀምሮ ከደመወዝ ልዩነቱ ጋር እንዲሰጣችሁ በድፍረት ልትጠይቁ ትችላላችሁ።

ለክፍት መደብ ተወዳድራችሁ ከሆነ ግን አሸናፊ የተባለውን ባልደረባ አትርሱ። የእሱን እድገት የሚነካ ዳኝነት ከጠየቃችሁ ሁለተኛ ተጠሪ አድርጉት። ያለ እሱ የተፈረደ ፍርድ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 መሠረት (ከዚህ በታች «ቁጥር» እያልሁ የምጠቅሰው ሁሉ የዚሁ ሕግ ነው) «መብቴን ነክቷል» ብሎ መቃወሚያ ሊያቀርብበትና ሊያስነሣው ይችላል፤ ያን ጊዜ እንደገና ከዜሮ ነው። በሰውየው ላይ ቂም ይዞ መክሰስ አይደለም፤ ሄዳችሁ በአክብሮት ብትነግሩት ይሻላል። መደቡ ገና ያልተያዘ ከሆነ ከክሱ ጋር በቁጥር 154 እና 155 የሚገኘውን የእግድ አቤቱታ በቃለ መሐላ አስደግፋችሁ ያን ዕለቱን አቅርቡ። ሰውየው ደብዳቤ ተቀብሎ ሥራ ከጀመረ በኋላ እግድ ማግኘት በጣም ይከብዳል።

ክሱ ከነማስረጃ ዝርዝሩ ይገባል፤ ቁጥር 223 እንደሚለው ያላችሁን ሰነድ አያይዛችሁ፣ በመሥሪያ ቤቱ እጅ ያለውንም የት እንዳለ ገልጻችሁ ነው። የመሥሪያ ቤቱ ዐቃቤ ሕግ በመልሱ መጀመሪያ ላይ የቁጥር 244 መቃወሚያዎችን ያነሣል፤ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለውም፣ በይርጋ ቀርቷል (የማቅረቢያ ጊዜው አልፏል) የሚሉትን። ለይርጋው መልሳችሁ እነዚያ ገቢ ቁጥር ያላቸው ቅጂዎች ናቸው።

ብዙዎችን የሚያደናግረው የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። መጥሪያው በደረሰ በጥቂት ቀን ውስጥ መሥሪያ ቤቱ በድንገት «ውሳኔ ሰጥቼ ነበር» ብሎ ከወራት በፊት የተጻፈ የሚመስል ደብዳቤ ያቀርባል። ዓላማው ሁለት ነው፤ ዝምታ አልነበረም ለማለትና የይግባኝ ጊዜያችሁ በዚያ ቀን ጀምሮ አልቋል ለማለት። ደብዳቤውን ስታዩ ዐይናችሁ ከይዘቱ በፊት ከላይ ካለው የወጪ ቁጥር ላይ ይረፍ። የወጪ መዝገብ በተራ ቁጥር ነው የሚሄደው። በዚያ ቀን ከመሥሪያ ቤቱ የወጡ ሌሎች ደብዳቤዎች፣ የዕረፍት ፈቃድም ይሁን የስብሰባ ጥሪ፣ ምን ቁጥር እንዳላቸው አነጻጽሩ። በጥር የወጡት በ1,200ዎቹ ውስጥ ሆነው የእናንተ የጥር ደብዳቤ 2,340 ቢል፣ ወይም ቁጥሩ በ«ሀ» እና «ለ» ተከፍሎ በመካከል የገባ ቢሆን፣ ፍርድ ቤቱ የወጪ መዝገቡ በዋናው እንዲቀርብ እንዲያዝ ጠይቁ። ለእናንተ መድረሱን የሚያሳይ ፊርማም መኖር አለበት፤ ጊዜ የሚቆጠረው ውሳኔው ከደረሳችሁ ቀን እንጂ ከተጻፈበት ቀን አይደለም። ደብዳቤው እውነተኛም ሆነ አልሆነ በእጃችሁ አሁን ውሳኔ ገብቷል፤ ስለዚህ በቁጥር 91 መሠረት ክሱን ለማሻሻል ጠይቃችሁ «ይወሰንልኝ» የሚለውን «ይሻርልኝ» በሚለው ተኩ። ይህን ሳታደርጉ ከቀራችሁ ዳኛው «የጠየቅሽው ተፈጽሟል» ብሎ መዝገቡን ሊዘጋው ይችላል።

ከ2015 መጨረሻ ወዲህ በክልላችን ያለው የጸጥታ ችግር መንገድ ሲዘጋ ቀን የሚያልፍበት ሰው አለ። ቁጥር 326 በበቂ ምክንያት የዘገየ ይግባኝ እንዲፈቀድ ይላል፤ ግን ማስፈቀጃው እንቅፋቱ በተወገደ በ10 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት። መንገዱ የተዘጋበትን ቀን የሚያሳይ የመናኸሪያ ማረጋገጫ፣ የተሰረዘ ትኬት ወይም የቀበሌ ደብዳቤ ያዙ። ጠበቃችሁ ረስቶ ከሆነ ግን ይህ አንቀጽ አያድናችሁም፤ የጠበቃ ጥፋት በቂ ምክንያት እንደማይሆን እዚያው ተጽፏል። ቀጠሮውን ራሳችሁም ተከታተሉ። በክረምቱ የፍርድ ቤት ዕረፍት ወቅትም ተረኛ ችሎት መኖሩን ሬጅስትራሩን ጠይቁ እንጂ «ዝግ ነው» ብላችሁ አትቅሩ።

የገንዘብ አቅም ለሌላችሁ ሁለት በር አለ። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ ሕግ ትምህርት ቤት ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል፤ ሰነዶቻችሁን በቀን ቅደም ተከተል አስተካክላችሁ ሂዱ። የዳኝነት ክፍያም መክፈል ካልቻላችሁ በቁጥር 467 መሠረት በነፃ ለመክሰስ ማመልከት ይቻላል።

ክርክሩ እየሄደ ሥራችሁን አታጓድሉ። አፈጻጸም ምዘናችሁ በዚህ ወቅት ዝቅ ካለ አሁኑኑ በዚያም ላይ ለብቻው ቅሬታ አስገቡ፤ የሚቀጥለው ውድድር የሚሰላው በእሱ ነው። ለችሎት ብላችሁ ከሥራ ስትቀሩ መጥሪያውን አያይዛችሁ ፈቃድ በጽሑፍ ጠይቁ።

ፍርዱ ከተሰጠ በኋላ ማኅተም ያረፈበት ግልባጭ ሁለት አውጡ። አንዱን በሸኚ ደብዳቤ ለመሥሪያ ቤቱ በገቢ ቁጥር አስገቡ፤ በተሰጠው ቀን ካልተፈጸመ በሌላው ላይ የአፈጻጸም መዝገብ ክፈቱ። ማኅደራችሁንም እንደገና አስከፍታችሁ እዩ፤ ፍርዱ ተያይዞ፣ የእድገቱ ደብዳቤ ቀኑ ፍርዱ እንዳለው ተስተካክሎ፣ የደመወዝ ልዩነቱ ጡረታ መዋጮ የተቆረጠበት መሆኑን አረጋግጡ፤ ያ መዋጮ ካልገባ ልዩነቱ በጡረታ ስሌታችሁ ላይ አይቆጠርላችሁም።